ቁም ሣጥን ውስጥ የተኛው ፊልም፦ የቤት ቪዲዮን ለአካባቢ ታሪክ የማትረፍ መመሪያ

ልደት የሚቀርጽ ሰው የሚያስበው ስለ ልደቱ ብቻ ነው። ካሜራው ግን ሌላም ይወስዳል። ከልጁ ጀርባ ያለውን መንገድ፣ በኋላ የፈረሰውን ሱቅ፣ የተቆረጠውን ዛፍ፣ ሰው በዚያ ዘመን ያደርግ የነበረውን ጫማ ሳይቀር። ከብዙ ዓመት በኋላ ፊልሙ ሲታይ ኬኩን ልብ የሚለው የለም። ዓይን የሚሄደው ወደ ጀርባው ነው።

የዜና ካሜራ ወደ አንድ ሰፈር የሚመጣው ጎርፍ ሲያጥለቀልቀው ወይም ባለሥልጣን ሲጎበኘው ነው። ተራውን ማክሰኞ የሚቀርጸው የቤተሰብ ካሜራ ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የአሜሪካ መንግሥት የጃፓን ዝርያ ያላቸውን ዜጎቹን ካምፕ ውስጥ ባጎረ ጊዜ፣ ዴቭ ታትሱኖ የተባለ ታጋች ዩታ ግዛት ባለው የቶፓዝ ካምፕ በድብቅ ባስገባት ካሜራ የዕለት ኑሮውን በ8 ሚሊ ሜትር ፊልም ቀርጾ ነበር። ያ የቤት ፊልም በ1996 የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ገብቷል። (እዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ብዙ ሰው የድሮ ፊልምና ካሴት ያለበት ካርቶን ባገኘ ማግስት ስካነር ፍለጋ ይወጣል። እኔ ግን መጀመሪያ ወደ ሰው ሂዱ ባይ ነኝ። ፊልም ቀዝቃዛና ደረቅ ቦታ ካገኘ አሥርት ዓመታት ይጠብቃችኋል። ምስሉን አይቶ «ይቺማ የእገሌ እናት ናት!» የሚል ሰው ግን ያን ያህል አይጠብቅም። ከዚህ በታች ያለው ቅደም ተከተል የተሠራው በዚህ ሐሳብ ላይ ነው።

1. ሰብስቡ፣ ግን አታጫውቱ

የመጀመሪያው ፈተና ፕሮጀክተር ፈልጎ ግድግዳ ላይ ማየት ነው። ይቅርባችሁ። ያረጀ ፊልም ይኮማተራል። ከተኮማተረ የጎን ቀዳዳዎቹ ከፕሮጀክተሩ ጥርስ ጋር አይገጥሙም፤ ጥርሱ እየቀደዳቸው ይሄዳል። ፊልሙ መሃል ላይ ቀጥ ካለ ደግሞ የመብራቱ ሙቀት ያቀልጠዋል። ካሴትም ቢሆን ያው ነው። ለዓመታት ተከፍቶ በማያውቅ ዴክ ውስጥ ያለችውን አንዲት ካሴት መክተት ቁማር ነው።

ይልቅ ንጹሕ ጠረጴዛ አዘጋጁ። እጃችሁን ታጠቡ። ፊልም ለመንካት የጥጥ ወይም የናይትራይል ጓንት አድርጉ፤ ያዙትም ከጠርዙ ብቻ። ከዚያ ካርቶኑን እንደተገኘ ፎቶ አንሱት። አቀማመጡ ራሱ መረጃ ነው፤ አንድ ላይ የታሰሩ ሦስት ጥቅሎች ምናልባት የአንድ ጉዞ ናቸው።

ለእያንዳንዱ ጥቅልና ካሴት ቁጥር ስጡ። ቁጥሩን ሣጥኑ ላይ በእርሳስ ጻፉ። በኤክሴልም በደብተርም ቢሆን መዝግቡት፦ ቁጥሩ፣ ዓይነቱ፣ ላዩ ላይ የተጻፈው ቃል በቃል፣ ማን ሰጣችሁ፣ መቼ፣ ከየት ወጣ። «ባሕር፣ እኔና እሷ» የሚል ቢሆንም እንዳለ ገልብጡት። አታሳምሩት።

አሮጌውን ሣጥን እንዳትጥሉ። በፊት የቤት ፊልም በፖስታ ወደ ላቦራቶሪ ተልኮ ታጥቦ በፖስታ ይመለስ ስለነበር፣ ብዙ ሣጥኖች ላይ የቀረጸው ሰው አድራሻና የፖስታ ማኅተም ከነቀኑ አለ። አንዳንዴ ስለ ፊልሙ ያላችሁ ብቸኛ ማስረጃ ያ ማኅተም ነው።

2. ሰዎቹን ቀድማችሁ አግኙ

ፊልሙን ሳያዩ ምን ይጠየቃል ትሉ ይሆናል። ብዙ ይጠየቃል። ካሜራው የማን ነበር? ማን ነበር የሚቀርጸው? (እሱ ወይም እሷ ፊልሙ ውስጥ የማይታዩት ናቸው፤ በቤተሰብ ፊልም ሁሌም አንድ ሰው ይጎድላል።) ካሜራው መቼ ተገዛ? ለምን ዓይነት ቀን ይወጣ ነበር? የት የት ይሄዱ ነበር?

ባዶ እጃችሁን ግን አትሂዱ። አንድ ቀላል ዘዴ አለ። ታብሌት ላይ ነጭ ስክሪን ክፈቱ፤ ብርሃኑን ከፍ አድርጉ። ጥቅሉ መጀመሪያ ላይ ያለውን አንድ ሁለት ክንድ ፊልም በጓንት ሳትጎትቱ ቀስ ብላችሁ ፈታችሁ ከስክሪኑ በላይ ያዙት፤ ስክሪኑን እንዳይፍቀው በመሃል ንጹሕ ግልጽ ፕላስቲክ አኑሩ። ስልካችሁን አስጠግታችሁ ፎቶ አንሱ። ጥራቱ አያምርም፤ ግን «ይሄ የእነ እገሌ ግቢ ነው» ለማሰኘት ይበቃል። ፎቶዎቹን በትልቁ አሳትማችሁ ይዛችሁ ሂዱ። ለሸመገለ ዓይን ከስልክ ይልቅ ወረቀት ይመቻል።

ንግግሩን በድምፅ ቅረጹ፤ መጀመሪያ ግን ፈቃድ ጠይቁ። ቀኑንና የተናጋሪውን ስም በቀረጻው መክፈቻ ላይ በቃል ተናገሩ፤ ፋይሉ ከማስታወሻችሁ ቢለያይ እንኳ ማንነቱ አይጠፋም።

3. የያዛችሁት ምን እንደሆነ ለዩ

ስፋቱን በማስመሪያ ለኩ። 16 ሚሊ ሜትር በ1923 የወጣ ነው፤ አቅም ያለው ቤተሰብ፣ ትምህርት ቤትና ድርጅት ይጠቀምበት ነበር። 9.5 ሚሊ ሜትር ከሆነ የፈረንሳዩ ፓቴ በ1922 ያወጣው ነው፤ ቀዳዳው ጎን ላይ ሳይሆን መሃል፣ በሁለት ፍሬም (ነጠላ ምስል) መካከል ስለሆነ ወዲያው ይታወቃል። 8 ሚሊ ሜትር ከሆነ ግን ሁለት ዓይነት አለና ጠጋ ብላችሁ እዩ። በ1932 የመጣው መደበኛው 8 ሰፋ ያለ ቀዳዳ አለው፤ ቀዳዳውም በሁለት ፍሬም ድንበር ላይ ነው የሚያርፈው። በ1965 የመጣው ሱፐር 8 ቀዳዳው ትንሽ ነው፤ የሚያርፈውም በፍሬሙ ወገብ ትይዩ ነው። ከቀዳዳው የተረፈው ቦታ ለምስሉ ስለተሰጠ ምስሉ ሰፋ ይላል። የሱፐር 8 ጥቅል የመሃል ቀዳዳም ትልቅ ነው።

የመደበኛው 8 አሠራር ማወቁ ይጠቅማል። ካሜራው ውስጥ የሚገባው 16 ሚሊ ሜትር ስፋት ያለው ፊልም ነበር። አንድ ጎኑ ተቀርጾ ሲያልቅ ጥቅሉ ተገልብጦ ሌላው ጎን ይቀረጻል። ላቦራቶሪው አጥቦ ለሁለት ይሰነጥቀውና ጫፍና ጫፉን ያጋጥመዋል። ስለዚህ በእያንዳንዱ ባለ 50 ጫማ ጥቅል ወገብ ላይ የድሮ መጋጠሚያ አለ። ፊልም ሲላቀቅ መጀመሪያ የሚላቀቀው እዚያ ጋ ነው። በዚያ አካባቢ ምስሉ በብርሃን ተመትቶ ቢነጣ ወይም ብርቱካናማ ቢሆን አትደንግጡ፤ ጥቅሉ ሲገለበጥ ብርሃን ገብቶበት ነው።

35 ሚሊ ሜትር ካገኛችሁና ከ1950ዎቹ መጀመሪያ በፊት የተሠራ ከሆነ ቁሙ። ናይትሬት ከተባለ የድሮ ፕላስቲክ የተሠራ ሊሆን ይችላል፤ ናይትሬት በቀላሉ ይቀጣጠላል፣ ከተቀጣጠለም ውሃ አያጠፋውም። ከሙቀት አርቁትና ለፊልም ማኅደር ባለሙያ ደውሉ። 16ና 8 ሚሊ ሜትር የቤት ፊልሞች የተሠሩት ከሌላ ዓይነት፣ ከአሲቴት ስለሆነ ይህ ስጋት የለባቸውም።

ካሴቶቹን መለየት ይቀላል፣ ስማቸው ላያቸው ላይ አለ። ቪኤችኤስ ከ1976፣ ቪዲዮ 8 ከ1985፣ ሃይ 8 ከ1989፣ ሚኒ ዲቪ ከ1995 ጀምሮ ነው። ይህ ራሱ ቀን ለመገመት ይረዳል፦ ሚኒ ዲቪ ላይ የተቀረጸ ነገር ከ1995 በፊት ሊሆን አይችልም፤ ከሌላ ካሴት የተገለበጠ ካልሆነ በቀር።

4. አሽትቱ፣ እዩ

በዚህ ሥራ ላይ አፍንጫ ዋና መሣሪያ ነው። ቆርቆሮውን ስትከፍቱ አቼቶ አቼቶ ካለ ፊልሙ መበስበስ ጀምሯል። አሲቴት ሲፈርስ አሴቲክ አሲድ ያወጣል። አሲዱ ደግሞ መፍረሱን ያፋጥነዋል። እንፋሎቱ አጠገቡ ላለው ጤነኛ ፊልምም ይተርፋል። ስለዚህ የሚሸተውን ለብቻው አውጡት፤ አየር በማያስገባ ቆርቆሮ አፍናችሁም አታስቀምጡት። ብዛት ያለው ፊልም ካላችሁ በአሜሪካ ሮቸስተር ከተማ ያለው የምስል ዘላቂነት ተቋም የሠራው የአሲድ መለኪያ ወረቀት አለ። ከፊልሙ ጋር ቆርቆሮ ውስጥ ተዘግቶ ቢያንስ 24 ሰዓት ይቆያል። ሰማያዊ ሆኖ ከቀረ ደህና ነው። ወደ አረንጓዴ፣ ከዚያም ወደ ቢጫ በሄደ ቁጥር ነገሩ እየባሰ ነው ማለት ነው።

ከሽታው ሌላ ቅርጹን እዩ። ጠረጴዛ ላይ ሲጋደም የሚወዛወዝ፣ ጠርዙ የሚንጨባረር፣ ጥቅሉ ክብ መሆኑ ቀርቶ ማዕዘን ማዕዘን የሚል ፊልም ተኮማትሯል። ቀለሙ ወደ ሮዝ ወይም ቀይ ካደላ ሌሎቹ ቀለሞች እየነጡ ነው። ኮዳክሮም የተባለው የኮዳክ ባለቀለም ፊልም ከሆነ ግን ዕድለኞች ናችሁ፤ ጨለማ ውስጥ የተቀመጠ ኮዳክሮም ከብዙ አሥርት ዓመታት በኋላም ቀለሙ ድምቅ ያለ ነው።

ነጭ ብናኝ ወይም የሸረሪት ድር የመሰለ ነገር ካያችሁ ሻጋታ ነው። እዚያው ዝጉት፣ ማስክ አድርጉ፣ ከሌሎቹ ለዩት። ፊልምን በውሃ ለማጽዳት እንዳትሞክሩ፤ ምስሉን የያዘው ጄላቲን ውሃ ሲነካው ያብጣል፣ ይላላጣል። የሻገተ ካሴትም ዴክ ውስጥ አይገባም። ካሴቱንም ዴኩንም ታጣላችሁ፤ ቀጥሎ የምታስገቡትንም ትበክላላችሁ።

5. ተራ አስይዙ

ገንዘቡም ጊዜውም ለሁሉም እኩል አይዳረስም። ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው፦ ፊልሙ ስላረጀ ፊልሙን ያስቀድማል። ብዙ ጊዜ ግን ይበልጥ የሚቸኩለው ካሴቱ ነው። የ1950ዎቹን ፊልም ብርሃን ላይ ይዛችሁ በዓይናችሁ ታዩታላችሁ። ካሴት ያለ ማጫወቻ ጥቁር ሪባን ነው። የመጨረሻው የቪኤችኤስ ዴክ አምራች የነበረው የጃፓኑ ፉናይ ማምረት ያቆመው በሐምሌ 2016 ነው። አሁን ያሉት ዴኮች ሁሉ አሮጌ ናቸው፤ መለዋወጫም፣ የሚጠግን ሰውም እያለቀ ነው።

ስለዚህ እኔ ብሆን ተራውን እንዲህ አስይዝ ነበር፦ መጀመሪያ የአቼቶ ሽታ ያለው ፊልም፣ ቀጥሎ ካሴቶች በሙሉ፣ ከዚያ ጤነኛው ፊልም። በአንድ ዓይነት ደረጃ ላይ ካሉት መካከል ደግሞ ከቤት ውጭ የተቀረጸውን አስቀድሙ። ለአካባቢ ታሪክ ከሳሎን ይልቅ መንገድ፣ ገበያ፣ ትምህርት ቤት፣ ሰልፍ፣ የግንባታ ሥራ ይበልጥ ያወራል።

6. እስከዚያው በደህና አስቀምጡ

ቀዝቃዛ፣ ደረቅ፣ የማይቀያየር። ሙቀትና እርጥበት ከላይ የሚሰበሰብበት ጣሪያ ሥርም፣ ውሃ የሚገባበት ምድር ቤትም አይሆንም። ከቤቱ መሃል ያለ፣ የውጭ ግድግዳ የማይነካ ቁም ሣጥን ይሻላል። እርጥበቱ ከ30 እስከ 50 በመቶ ቢሆን ጥሩ ነው። ሙቀቱ በ5 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ገደማ በቀነሰ ቁጥር የአሲቴት ፊልም ዕድሜ በግምት እጥፍ ይሆናል፤ ትንሽ ማቀዝቀዝ እንኳ ዋጋ አለው። የፊልም ጥቅል ይጋደማል፣ የቪዲዮ ካሴት እንደ መጽሐፍ ይቆማል። ካሴትን ከድምፅ ማጉያና ከሞተር አርቁ።

7. ወደ ዲጂታል መገልበጥ

ካሴትን ራሳችሁ ልትሞክሩት ትችላላችሁ። መጀመሪያ ላዩ እንዳይቀረጽ መከላከያውን አንሱ፤ በቪኤችኤስ ጀርባ ላይ ያለችው ትንሽ ፕላስቲክ ትሰበራለች፣ በሚኒ ዲቪ ደግሞ ትንሽ ተንሸራታች አለች። ዴኩን በማይቆጫችሁ ካሴት ፈትኑት። ከዚያ የቤተሰቡን ካሴት እስከ መጨረሻው አሳልፉና መልሳችሁ አጠንጥኑ፤ ለዓመታት የተጣበቀው ይላላል፣ ውጥረቱም እኩል ይሆናል። ሲጫወት ሲጢጥ የሚል ድምፅ ከሰማችሁ ወዲያው አቁሙ፤ ለባለሙያ ነው።

ሚኒ ዲቪ ቀድሞውንም ዲጂታል ነው። ፋየርዋየር በተባለው የዲጂታል ገመድ ከተገለበጠ ያለ ምንም መቀነስ እንዳለ ይወጣል፤ አንድ ሰዓቱ 13 ጊጋባይት ገደማ ይይዛል። በተራ የቪዲዮ ገመድ ገልብጦ ጥራቱን መጣል ያሳዝናል። ለቪኤችኤስ ምስሉን የሚያረጋጋ መሣሪያ ማለትም ታይም ቤዝ ኮሬክተር ያለው ዴክ ካገኛችሁ ምስሉ መንቀጥቀጡን ይተዋል። ዴኩ ካሴቱ የተቀረጸበትን የቴሌቪዥን ሥርዓት፣ ፓልም ይሁን ኤንቲኤስሲ ወይም ሴካም፣ የሚያነብ መሆኑን አረጋግጡ።

ፊልም ግን ወደ ላቦራቶሪ ይሄዳል። ግድግዳ ላይ አጫውቶ በስልክ መቅረጽ ለቤተሰብ ጨዋታ ይሆናል፣ ለታሪክ አይበቃም። ላቦራቶሪው ጋ ስትሄዱ እንዲህ ብላችሁ ጠይቁ።

ፊልሙን የሚስበው ጥርስ ነው ወይስ ሮለር? ለተኮማተረ ፊልም ጥርስ የሌለው ማሽን ነው የሚበጀው። እያንዳንዱ ፍሬም ለብቻው ነው ወይ የሚነሳው? ምስሉን ብቻ ነው ወይስ እስከ ቀዳዳውና እስከ ጠርዙ ነው የምትቀርጹት? እስከ ጠርዙ ይሁን በሏቸው፤ ምክንያቱን ወረድ ብዬ እነግራችኋለሁ። ፋይሉ በስንት ፍሬም ይሰጠኛል? መደበኛው 8 አብዛኛውን ጊዜ በሰከንድ 16፣ ድምፅ አልባው ሱፐር 8 ደግሞ በ18 ፍሬም ነው የተቀረጸው። በ24 ወይም በ25 ካጫወቱት ሰዉ ሁሉ እየሮጠ ገበያ የሚሄድ ይመስላል። ዋናው ፊልም ይመለስልኛል? ከነሣጥኑ?

እና አደራ፣ ሙዚቃ አይጨምሩበት። በሰው ሠራሽ አስተውሎት «አጥርተን» እንስጣችሁ ሲሏችሁም በዋናው ቅጂ ላይ እሺ አትበሉ። ያ ፕሮግራም የደበዘዘን ፊት ሲያጠራ የሚሠራው በግምት ነው፤ ዓይንና አፍንጫ ይፈጥራል። ማንነቱ የሚፈለግ ሰው ፊት ላይ የተፈጠረ አፍንጫ ምን ይሠራል? ለማኅበራዊ ሚዲያ ያማረ ነገር ከፈለጋችሁ በተባዛው ላይ ይደረግ።

8. ፋይሎቹን በሥርዓት ያዙ

ሁለት ዓይነት ፋይል ይኑራችሁ። አንዱ ዋናው፦ ትልቅ፣ ያልተነካ፣ ያልተቆረጠ። ለዚህ ብዙ ማኅደሮች ኤፍኤፍቪ1 የተባለውን ምንም የማይጥል ቅንብር በማትሮስካ ፋይል ይጠቀማሉ፤ ፕሮሬስም የተለመደ ነው። ሁለተኛው ለዕይታ የሚሆን ቀላል ኤምፒ4፤ በስልክ የሚላከው፣ የሚቆረጠው እሱ ነው።

ሦስት ቅጂ፣ በሁለት ዓይነት ማስቀመጫ፣ አንዱ ሌላ ቤት ወይም ሌላ ከተማ። ቤት ቢቃጠል ሦስቱም አብረው እንዳይነዱ ነው። ቤት ውስጥ በኮምፒውተር የተቀዳ ዲቪዲን እንደ ቅጂ አትቁጠሩት። ሃርድ ዲስክም ዘላለማዊ አይደለምና በየ5 ዓመቱ ገደማ ወደ አዲስ አዛውሩ። ለእያንዳንዱ ዋና ፋይል ኤምዲ5 ወይም ኤስኤችኤ-256 የሚባለውን የማረጋገጫ ቁጥር በነጻ ፕሮግራም አውጥታችሁ መዝግቡ። ፋይሉ ውስጥ አንዲት ነገር ብትበላሽ ቁጥሩ ይቀየራል። በዓመት አንዴ ማነጻጸር ይበቃል።

የፋይል ስሙ ላይ ለጥቅሉ ወይም ለካሴቱ የሰጣችሁት ቁጥር ይኑር። «የአያቴ ፊልም የመጨረሻው አዲሱ 2» የሚል ስም ለራሳችሁም በዓመቱ ግራ ነው።

9. ከሰው ጋር ቁጭ ብሎ ማየት

አሁን ዋናው ሥራ መጣ።

በ1938 አንድ አሜሪካዊ ጎብኚ ፖላንድ ውስጥ ናሺየልስክ የምትባል ትንሽ ከተማ ላይ በ16 ሚሊ ሜትር ካሜራ ሦስት ደቂቃ ያህል ቀረጸ። ሕፃናት ካሜራው ፊት ይጋፋሉ፣ ሰዎች ከምኩራብ ይወጣሉ። በቃ፣ ይኸው ነው። ከተማዋ ወደ 3,000 የሚጠጉ አይሁድ ነበሯት፤ ከናዚዎች እልቂት የተረፉት ከ100 ያነሱ ናቸው። በ2009 የጎብኚው የልጅ ልጅ ፊልሙን ፍሎሪዳ ውስጥ ከወላጆቹ ቁም ሣጥን አገኘው። በአሲድ ተበልቶ፣ ተኮማትሮ ነበር። ዋሽንግተን ላለው የሆሎኮስት መታሰቢያ ሙዚየም ሰጠው፤ ሙዚየሙም አስጠግኖ ኢንተርኔት ላይ አወጣው። ከዚያ አንዲት ሴት ከሚጋፉት ልጆች መካከል አያቷን አየች። ሲቀረጽ የ13 ዓመት ልጅ ነበር። በሕይወት ነበር። እሱ ተቀምጦ ሲያየው ሌሎች ስሞች መጡ፣ ቤቶች መጡ፣ የሕፃናቱ የቆብ ዓይነት የየትኛው ወገን እንደሆነ መጣ። ያ ሁሉ ፊልሙ ላይ አልነበረም። ሰውየው ጋ ነበር።

እንዲህ ያለ ሰው ጋ ስትቀመጡ ቀስ በሉ። መጀመሪያ ሙሉውን ያለ ጥያቄ አሳዩ፤ ሰው የራሱን እስኪያይ ድረስ ሌላ አይሰማም። በሁለተኛው ዙር እያቆማችሁ ጠይቁ። «ይሄ የድሮው ትምህርት ቤት ነው አይደል?» አትበሉ። እንዲህ ከጠየቃችሁ መልሱ «አዎ» ነው። «ይሄ ምንድን ነው?» በሉና ዝም በሉ። ዝምታው ሲረዝም ቶሎ አትሙሉት፤ ጥሩው ነገር ብዙ ጊዜ ከዝምታው በኋላ ነው የሚመጣው። ሰዎቹን ከግራ ወደ ቀኝ አስቆጥሩ። ከዚያ ከሰው ውጭ ያለውን ጠይቁ፦ ያ አጥር የማን ነበር? መንገዱ ወዴት ይወስድ ነበር? ከዚህ ቀጥሎ ምን ሕንፃ ነበር? ካሜራው ዞር ቢል ምን ይታይ ነበር? ያቺ የመጨረሻዋ ጥያቄ ከሁሉም ትበልጣለች።

ሰዎቹን መጀመሪያ ለየብቻ፣ በኋላ በጋራ አሳዩ። በጋራ ሲሆን አንዱ የሌላውን ትዝታ ይቀሰቅሳል። ግን ድምፁ ጎላ ያለ ሰው «እሱ እኮ እገሌ ነው» ካለ ሌላው ሁሉ ይስማማል፤ ቢሳሳትም። ሁለት ሰው ሁለት ስም ከሰጠ ሁለቱንም ጻፉ። አትዳኙ።

መዝገቡ በደቂቃና በሰከንድ ይያዝ። ለምሳሌ እንዲህ፦

02፡14 — ከግራ፣ ብስክሌት የያዘ ባርኔጣ ያደረገ ሰው። ማንነቱ አልታወቀም። ከኋላው የባቡር ጣቢያው በር። በሩ ላይ የተለጠፈ ማስታወቂያ አለ፣ አይነበብም። ተናጋሪ 1፦ «ጣቢያው ሳይቃጠል በፊት ነው»፣ እርግጠኛ። ተናጋሪ 2፦ «ከተቃጠለ በኋላ የተሠራው ይመስለኛል»።

«እርግጠኛ» እና «ይመስለኛል» የሚሉትን ቃላት አትዝለሉ። ከሃያ ዓመት በኋላ ይህን መዝገብ የሚያነብ ሰው የሚያስፈልገው እሱ ነው።

ቀኑን ደግሞ ከፊልሙ ራሱ ፈልጉ። እስከ ጠርዙ ይቀረጽ ያልኳችሁ ለዚህ ነው። በኮዳክ ፊልም ጠርዝ ላይ ክብ፣ ካሬ፣ ሦስት ማዕዘንና የመደመር ምልክት እየተቀናጁ የተሠራበትን ዓመት ይጠቁማሉ። ምልክቶቹ በየ20 ዓመቱ ስለሚደገሙ ሁለት ሦስት አማራጭ ዓመት ነው የምታገኙት፤ መኪና፣ ልብስ ወይም ጣሪያ ላይ ያለ የቴሌቪዥን አንቴና አንዱን ያስመርጣችኋል። ልብ በሉ፣ ምልክቱ የሚነግራችሁ ፊልሙ መቼ እንደተመረተ ነው። መቼ እንደተቀረጸ አይደለም፤ ሱቅና መሳቢያ ውስጥ የቆየ ሊሆን ይችላል። መኪናም እንዲሁ ነው፦ የ1957 ሞዴል ከታየ ፊልሙ ከዚያ በፊት አይደለም፤ ከዚያ በኋላ ስንት ዓመት እንደሆነ ግን አይናገርም።

አንድ ጥቅል አንድ ቀን ነው ብላችሁም አትነሱ። የሱፐር 8 ጥቅል ሙሉው 3 ደቂቃ ከ20 ሰከንድ ነው፤ ፊልም ውድ ስለነበር ሰው እየቆጠበ ነበር የሚቀርጸው። አንዱ ጥቅል ውስጥ የሁለት ዓመት በዓል ታገኛላችሁ። መሃል ላይ የእጅ መጋጠሚያ ካለ ደግሞ ቤተሰቡ ቆርጦ አስተካክሎታል ማለት ነውና ቅደም ተከተሉን አትመኑት።

10. የማን ነው? ማን ይየው?

ጥቅሉን የያዘ ሰው ሁሉ የቅጂ መብቱን አልያዘም። ሕጉ ከአገር አገር ይለያያል፤ በአብዛኛው ግን መብቱ የቀረጸው ሰው ነው፣ ሲሞትም ወደ ወራሾቹ ይሄዳል። ከአሮጌ ዕቃ ገበያ የተገዛ ፊልም የናንተ የሆነው ፕላስቲኩ ነው። የቤተሰቡን ፈቃድ በጽሑፍ ያዙ፤ አጭር ይሁን፣ ግን ማሳየት፣ ማባዛትና ኢንተርኔት ላይ ማውጣት ለየብቻ ይጠቀሱ።

ከሕጉ ባሻገር ይሉኝታ አለ። ገላቸውን የሚታጠቡ ሕፃናት፣ የታመመ ሰው፣ ለቅሶ ላይ ያለች ጎረቤት፤ እነዚህ ለቤተሰብ ዓይን የተቀረጹ ናቸው። ከዋናው ፋይል አትቁረጧቸው። ለሕዝብ ከሚታየው ግን አውጧቸው። አንድ ሰው «የእኔን አውርዱልኝ» ቢል መጀመሪያ አውርዱ፣ ከዚያ ተነጋገሩ።

የሚታየውን ግን አሳዩ። በእንግሊዝ ብላክበርን ከተማ ሚቼልና ኬንየን የተባሉ ቀራጮች በ1900ዎቹ መጀመሪያ ከፋብሪካ በር የሚወጡ ሠራተኞችን እየቀረጹ፣ ሠራተኞቹ ራሳቸውን ለማየት ትኬት እንዲቆርጡ ያደርጉ ነበር። ኔጋቲቮቹ በ1994 ከአንድ ሱቅ ምድር ቤት ወጡ፣ ከ800 በላይ ጥቅል። ያኔ ንግድ የነበረው ዛሬ የሠራተኛ ሰፈሮች ታሪክ ዋና ምንጭ ሆኗል። ራሱንና ሰፈሩን ማየት የማይፈልግ የለም። ከ2003 ጀምሮ በብዙ አገር የሚከበር የቤት ፊልም ቀንም አለ፤ ሰው የራሱን ጥቅል ይዞ ይመጣል፣ ባለሙያ ይመረምርለታል፣ ከቻለ እዚያው ይታያል። እናንተም አዳራሽ ይዛችሁ ስታሳዩ በሩ ላይ ወረቀትና እስክሪብቶ አኑሩ፣ አንድ ሰውም መቅጃ ይዞ ከኋላ ይቀመጥ። ጨለማው ውስጥ ሰው የሚያንሾካሹከው ስም ነው የሚፈለገው።

11. ለማኅደር ማስረከብ

ዋናውን ፊልም ቤት ማስቀመጥ ለጊዜው ነው። ቤተ መጻሕፍት፣ ሙዚየም፣ ዩኒቨርሲቲ ወይም የፊልም ማኅደር ፈልጉ። ከመስጠታችሁ በፊት ቀዝቃዛ ማስቀመጫ እንዳላቸው ጠይቁ፤ «ስካን አድርገን ዋናውን እንጥላለን» የሚል ተቋም ካለ አመስግናችሁ ውጡ። ስካነር በየጊዜው ይሻሻላል፣ ዋናው ካለ ደግሞ ተመልሶ ይገለበጣል።

ስትሰጡ ፊልሙን ብቻ አትስጡ። ሣጥኖቹን፣ መዝገባችሁን፣ የድምፅ ቀረጻዎቹን፣ የማረጋገጫ ቁጥሮቹን አብራችሁ አስረክቡ። በስምምነቱ ላይ አራት ነገር በግልጽ ይስፈር፦ ዋናው ፊልም የማን ይሆናል፣ የቅጂ መብቱ ይተላለፋል ወይስ ከቤተሰቡ ጋር ይቆያል፣ ቤተሰቡ የዲጂታሉን ቅጂ ያገኛል ወይ፣ ተቋሙ ቢዘጋ ወይም ፊልሙን ባይፈልገው መጀመሪያ ለማን ይደውላል። ለአራተኛው ከአንድ በላይ ስልክ ቁጥር ስጡ፣ አንዱ በዕድሜ ከእናንተ የሚያንስ ሰው ይሁን።